ሲስተርን ጠይቁ፦ «ሕልማችንን የሚያገናኝ ስውር ገመድ አለ?»

በዚህ ወር ከደረሱኝ ደብዳቤዎች አብዛኞቹ ስለ ሕልም ናቸው። ምክንያቱ ግልጽ ነው። በቴሌግራም አንድ «የሕልም መምህር» ነኝ የሚል ሰው የቀዳው ተከታታይ ድምፅ ከስልክ ወደ ስልክ እየዞረ ነው። ቁጭ ብዬ እስከ መጨረሻው ሰማሁት። የመጀመሪያዋን ጠያቂ ረዘም አድርጌ እመልስላታለሁ፤ ነገሩ ሐዘንም ገንዘብም አለበት። የሌሎቻችሁን አጠር አደርጋለሁ።

ጥያቄ፣ ከደሴ

«ሲስተር፣ ጤና ይስጥልኝ። እናታችን ያረፈችው አምና ነው፤ ሙት ዓመቷ ሊደርስ ሦስት ሳምንት ቀረው። ታናሽ እህቴ ቤይሩት ሰው ቤት ትሠራለች። ባለፈው ሳምንት እናቴን በሕልሜ አየኋት። ነጠላዋን አጣፍታ ከግቢያችን በር ላይ ቆማ በስሜ ትጠራኛለች። እኔም አቤት ብያታለሁ። ጠዋት ለእህቴ ደውዬ ስነግራት ጮኸች። ለካ እሷም በዚያው ሌሊት እናታችንን በር ላይ ቆማ አይታታለች።

«የቴሌግራሙ መምህር እንደሚለው፣ ሰው ሲተኛ ከልቡ ስውር ገመድ ይወጣል። ገመዱ በምድር መግነጢስ ውስጥ አልፎ በደም ወይም በእንባ ከተሳሰረን ሰው ጋር ያገናኘናል። ርቀት አያግደውም። ጫፉን ሟች ከያዘችው ግን ከሁለት አንዳችንን ስባ ትወስዳለች ይላል። አራት ማስረጃ ይቆጥራል፦ በሺህ የሚቆጠሩ ሰዎች በሕልማቸው የሚያዩት የአንድ ሰውዬ ፊት፣ ገመዱን በማሽን የለካ ጀርመናዊ ሐኪም፣ ሕልምን ከሰው ወደ ሰው ያስተላለፈ የአሜሪካ ሆስፒታል፣ በዓለም ሁሉ ሰው ደረት ላይ የሚቀመጥ ጥቁር ነገር። ገመዱን ለመቁረጥ ከእያንዳንዳችን 6,000 ብር ጠይቆናል። እህቴ የሁለታችንንም ልትልክ ነው። ሁለታችንም እንቅልፍ አጥተናል። ለማስታወሻው የምናሳትመውን የእናቴን ፎቶ አያይዤልዎታለሁ። ነገሩ እውነት ነው?»

መልስ

እህቴ፣ መጀመሪያ ነፍስ ይማር። ሁለተኛ፣ ዛሬውኑ ለእህትሽ ደውይና ብሩን እንዳትልክ ንገሪያት። ከሁለት አንዳችሁን የሚወስድ ገመድ የለም። አቤት በማለትሽም የሚመጣብሽ ነገር የለም። ሴት ልጅ እናቷ ስትጠራት አቤት ነው የምትለው።

አሁን ወደ ማስረጃዎቹ እንሂድ። መምህሩ ከአየር ላይ አልፈጠራቸውም። ጫፍ ጫፋቸው እውነት ነው፤ ሰውን የሚያሳምነውም ለዚህ ነው።

የሰውዬው ፊት ግን ጫፉም እውነት አይደለም። ቅንድበ ወፍራም፣ ከንፈረ ቀጭን፣ ግንባሩ ገላጣ ሰው ነው፤ እናንተም ሳታዩት አትቀሩም። እ.ኤ.አ. በ2008 ገደማ አንድ ድረ ገጽ ወጣ። «ይህን ሰው በሕልምዎ አይተውታል?» ብሎ ይጠይቃል። ኒው ዮርክ ውስጥ አንዲት ታካሚ ለሐኪሟ ፊቱን ሣለችለት፣ ከዚያ በኋላ ከ2,000 በላይ ሰዎች አየነው አሉ ይላል። ለምን እንደሚታይ የተለያዩ ሐሳቦችም ደርድሯል። አንዱ ሰውየው በሰው ሕልም ውስጥ እየገባ የሚዞር እውነተኛ ሰው ነው የሚል ነበር። በኋላ ሲጣራ ድረ ገጹን የሠራው አንድሬያ ናቴላ የሚባል ጣሊያናዊ የማስታወቂያ ባለሙያ ሆኖ ተገኘ። ታካሚዋም፣ ሐኪሙም፣ 2,000ውም ሰው ፈጠራ ነበሩ። ፊቱን ስልካቸው ላይ ደጋግመው ካዩት በኋላ በሕልማቸው ያዩት ሰዎች ቢኖሩ ግን አይገርመኝም። ቀን ያየነው ነው ሌሊት የሚመጣው።

ጀርመናዊው ሐኪም ሃንስ በርገር ይባላል። የእሱን ታሪክ እወደዋለሁ፤ ስለዚህ ትንሽ ታገሺኝ። በርገር ወጣት ወታደር ሳለ በልምምድ ላይ ከፈረሱ ወደቀ። በፈረስ የሚጎተት መድፍ መንኮራኩር ሊደፈጥጠው ትንሽ ሲቀረው ቆመ። በዚያው ምሽት ከአባቱ ቴሌግራም (የስልኩ ሳይሆን በሽቦ የሚላከው የድሮ መልእክት) ደረሰው፤ ደህና ነህ ወይ የሚል። ለካ እህቱ ቤት ሆና ወንድሜ አንድ ነገር ሆኗል ብላ አስጨንቃቸው ኖሯል። በርገር ይህን ዕድሜውን ሙሉ አልረሳውም። የፍርሃቴ ስሜት ከጭንቅላቴ ወጥቶ እህቴ ዘንድ ደርሷል ብሎ አመነ። ሕክምና ተምሮ የአእምሮ ሐኪም ሆነ፤ ያንን ኃይል ፍለጋም በጀርመኗ የና ከተማ ዓመታት ደከመ። እ.ኤ.አ. በ1924 የሰውን የአንጎል ኤሌክትሪክ ሞገድ ለመጀመሪያ ጊዜ መዘገበ። በ1929 አሳተመው።

እንግዲህ መምህሩ «ገመዱን የለካ ማሽን» የሚለው ይህንን ነው። ማሽኑን አውቀዋለሁ። ዛሬ ለሚጥል በሽታ ምርመራ እንጠቀምበታለን። ታካሚን ለምርመራ ሳዘጋጅ የራስ ቅሉን ቆዳ አጸዳለሁ፤ ፀጉሩን እየለየሁ እያንዳንዷን ሽቦ በማጣበቂያ እለጥፋለሁ። አንዷ ትንሽ ከተነቀለች ምልክቱ ይበላሻል። ታካሚው ጥርሱን ከነከሰ ወይም ዓይኑን ካርገበገበ የጡንቻው ምልክት የአንጎሉን ይሸፍነዋል። ለምን መሰለሽ? ቆዳ ላይ የሚደርሰው የአንጎል ሞገድ 50 ማይክሮቮልት ገደማ ነው። ለግድግዳ ሰዓት የምንገዛት ትንሿ ባትሪ የዚያን 30,000 እጥፍ ጉልበት አላት። ፀጉር መሐል ሲገባ የሚደክም ነገር ቀይ ባሕርን ተሻግሮ ቤይሩት አይደርስም። ከልብ ይወጣል ስለተባለውም መግነጢስ ልጨምር። ልብ በእርግጥ መግነጢስ አላት። የምድር መግነጢስ ግን በመቶ ሺዎች እጥፍ ይበልጣታል። የልብን ለመለካት የምድሩን የሚከልል ልዩ ክፍል ወይም እጅግ ረቂቅ መሣሪያ ያስፈልጋል። የምድሩ መግነጢስ የልብን ይሸፍናታል እንጂ ተሸክሞ አያደርሳትም።

በርገር የፈለገውን አላገኘም። ያገኘው ግን በየቀኑ በየአገሩ ሕሙማንን ይረዳል። የእህቱ ጭንቀትስ? ወንድሟ ወታደር ነው። ወታደር ወንድም ያላት እህት ስንት ቀን ትጨነቃለች? ምንም ሳይሆን የቀረባቸው ቀኖች ቴሌግራም አልተላከባቸውም፤ ስለዚህ ማንም አያስታውሳቸውም።

የአሜሪካውም ሆስፒታል እውነት ነው። ኒው ዮርክ፣ ብሩክሊን ውስጥ ሜይሞኒደስ የሕክምና ማዕከል ይባላል። እ.ኤ.አ. በ1960ዎቹ ሞንታግ ኡልማን የሚባል የአእምሮ ሐኪም እዚያ የሕልም ቤተ ሙከራ ከፈተ። አንዱ ሰው ድምፅ በማያስገባ ክፍል ይተኛል። ሌላው በሌላ ክፍል ተቀምጦ አንድ ሥዕል ላይ ዓይኑን ተክሎ በሐሳቡ «ይልክለታል»። የተኛውን እየቀሰቀሱ ሕልሙን ይጠይቁታል፤ ዳኞች ደግሞ ሕልሙ ከየትኛው ሥዕል ጋር እንደሚቀርብ ይፈርዳሉ። በ1971 ይህንኑ በሙዚቃ ድግስ ሞከሩት። ፖርት ቼስተር በምትባል ከተማ ግሬትፉል ዴድ የተባለው ባንድ ለስድስት ምሽት ሲጫወት 2,000 ያህል ታዳሚ በስክሪን ሥዕል ይታየዋል። ከዚያ ሥዕሉን 70 ኪሎ ሜትር ገደማ ርቆ ብሩክሊን ለተኛው ሰው በሐሳባችሁ ላኩ ይባላል። ተመራማሪዎቹ ከዕድል በላይ ገጥሞልናል ብለው ጻፉ። ችግሩ ሌሎች በጥንቃቄ ሲደግሙት አልገጠመም። ሕልም ደግሞ ሰፊ ነው። ውኃ፣ መንገድ፣ ሰው፣ ቀይ ነገር የሌለበት ሕልም ስንት አለ? ዳኛው ፈልጎ የሚመሳሰል ነገር አያጣም። ቤተ ሙከራው በ1978 ተዘጋ። እነዚያ ሰዎች ቅን ነበሩ፤ ከጓጉለት ነገር ጋር በሐቀኝነት ታግለዋል። ሕልም ሰው ይወስዳል አላሉም። አስቆርጡ ብለውም ገንዘብ አልጠየቁም።

አራተኛውን ማስረጃ ለሚቀጥለው ጠያቂ እተወዋለሁ።

ታዲያ እናታችሁን በአንድ ሌሊት እንዴት አያችኋት? የላክሽልኝን ፎቶ አተኩሬ አየሁት። እናትሽ ነጠላቸውን አጣፍተው፣ አንድ እጃቸውን አረንጓዴው ቆርቆሮ በር ላይ አሳርፈው ቆመዋል። ይህን ፎቶ ስትመርጡ ሰንብታችኋል። በየማታው እህትሽ የማዳሟን ዕቃ አጥባ ስትጨርስ ትደዋወላላችሁ ብዬ ብገምት አልሳሳትም፤ ድንኳኑን፣ ጠላውን፣ ለካህናቱ የሚሰጠውን ሳታነሱ አታድሩም። የቤይሩትና የኛ ሰዓት ወይ አንድ ነው ወይ በአንድ ሰዓት ይለያያል። በአንድ ሐዘን ላይ፣ አንድ ፎቶ አይታችሁ፣ በአንድ ሰዓት ትተኛላችሁ። ቀን የገጠመን ነገር በዚያው ሌሊት፣ ወይም ከ5 እስከ 7 ቀን ቆይቶ ሕልም ውስጥ እንደሚገባ የሕልም ተመራማሪዎች ደጋግመው አሳይተዋል። እናታችሁን በዚህ ሰሞን ባታዩ ነበር የሚገርመኝ።

ሌሊት ተረኛ ሆኜ ብዙ ዘመን ሠርቻለሁ። ሰው ሕልም ሲያይ ምን እንደሚመስል ልንገርሽ። በእጅ ባትሪ ቀስ ብዬ ስዞር ዓይኑ ከሽፋኑ ሥር ወዲያ ወዲህ ይላል። ትንፋሹ ይቆራረጣል። ጣቱ ትንሽ ትንቀጠቀጣለች፤ የቀረው አካሉ ግን አይንቀሳቀስም። ይህን የዓይን እንቅስቃሴ እ.ኤ.አ. በ1953 አሴሪንስኪና ክላይትማን የተባሉ የቺካጎ ዩኒቨርሲቲ ሰዎች ናቸው ለዓለም የገለጹት። ሌሊቱን በ90 ደቂቃ ገደማ ልዩነት ይመላለሳል፤ ወደ ንጋት ሲቃረብ ይረዝማል። በኛ ክፍል ሰው ቃዥቶ የሚጮኸው አብዛኛውን ጊዜ ከሌሊቱ 10 ሰዓት በኋላ ነው። አንድ ሌሊት ጎን ለጎን የተኙ ሁለት ሴቶች ሁለቱም ወንዝ ሲሻገሩ አደሩ። ጠዋት ሲነግሩኝ ተያይዘው ያለቅሳሉ። ከራስጌያቸው የእጅ መታጠቢያው ቧንቧ ሲፈስ ነው ያደረው። ቧንቧውን አሳየኋቸው። ሳቁ፤ ጓደኝነታቸው ግን ቀጠለ።

ሌላም ነገር አለ። የኢትዮጵያ ሕዝብ ከ100 ሚሊዮን በላይ ነው። የአንድ ሰው ሕልም ከሩቅ ዘመዱ ሕልም ጋር በአንድ ሌሊት የመግጠም ዕድሉ ከሚሊዮን አንድ ብቻ ነው እንበል። እንዲያም ሆኖ በየጠዋቱ ከ100 በላይ ሰው «አንድ ሕልም አየን» ብሎ ይነሣል። ያልገጠመለት ማንም ጋ አይደውልም።

አንድ ሥራ ልስጥሽ። ለአንቺም ለእህትሽም ደብተርና እርሳስ ራስጌ ይቀመጥ። ጠዋት ስትነቁ፣ ስልክ ሳትነኩ፣ ያያችሁትን ጻፉ። ቀለሙን፣ ልብሱን፣ ማን ምን እንዳለ። ከዚያ ገጹን ፎቶ አንስታችሁ ተላላኩ። መጀመሪያ ተነጋግራችሁ ከሆነ አይሠራም። የሰው ሕልም ስንሰማ የራሳችን ደብዛዛ ሕልም የሰማነውን መልክ ይይዛል። አንቺ «በር ላይ ቆማ» ስትያት የእሷም በር ሳይጨመርበት አልቀረም። ዋሸች ማለቴ አይደለም። የሁላችንም አንጎል እንዲህ ነው የሚሠራው።

ስለ እህትሽ ግን ከልቤ አስባለሁ። አንቺ ጎረቤት አለሽ፣ ዕድርተኛ አለሽ፣ ሙት ዓመቱን ከሰው ጋር ታሳልፊያለሽ። እሷ በሰው አገር፣ በሰው ቤት ብቻዋን ነው የምታለቅሰው። የእናቷን ቀብር እንኳ አላየችም መሰለኝ። በሙት ዓመቱ ቀን ስልኩን በቪዲዮ ከፍታችሁ ካህናቱ ሲጸልዩ አሳዩአት። የምትወደውን የእናቷን ነገር፣ ነጠላውንም ቢሆን፣ ሰው ሲሄድ ላኩላት። 12,000 ብሩ ለዚህ ይበቃል፤ ይተርፋልም። ስለ ሕልም የምታወሩትን ደግሞ ወደ ቀን አዙሩት፤ ከመኝታ በፊት አይሁን። ከሙት ዓመቱ በኋላም ቅዠቱ ካልተዋት፣ ወይም መብላትና መሥራት ካቃታት፣ ሐኪም የምታገኝበትን መንገድ ፈልጉላት።

ጥያቄ፣ ከድሬዳዋ

«ሲስተር፣ 24 ዓመቴ ነው። ከሃይስኩል ጀምሮ እቅማለሁ። ባለፈው ወር ጫት አቆምኩ። ከዚያ ወዲህ ሊነጋ ሲል ዓይኔን እገልጣለሁ፤ ሰውነቴ አይንቀሳቀስም። ጥቁር ነገር ደረቴ ላይ ወጥቶ ያንቀኛል። አያቴ ዱካክ ነው ብላ ቢላ ትራሴ ሥር አደረገችልኝ። የቴሌግራሙ ሰውዬ በዓለም ሁሉ አንድ ዓይነት ነገር የሚታየው በገመዱ ስለሚመጣ ነው ይላል። ወደ ጫቴ ልመለስ?»

መልስ

አትመለስ ወንድሜ! ከባዱን ክፍል አልፈኸዋል።

አያትህ ስሙን አልሳቱም። ዱካክ በዓለም ሁሉ አለ። ጃፓኖች ካናሺባሪ ይሉታል። በካናዳ የኒውፋውንድላንድ ሰዎች አሮጊት ጠንቋይ ተቀመጠችብን ይላሉ። ብራዚል ውስጥ ፒሳዴይራ የምትባል ጥፍረ ረጅም አሮጊት አለች፤ ጣሪያ ላይ አድፍጣ በልቶ ጠግቦ የተኛን ሰው ደረት ትረግጣለች። የሚመሳሰለው የሁላችንም አካል አንድ ስለሆነ ነው። ከላይ እንዳልኩት፣ ሕልም ስናይ ጡንቻችን ላልቶ አካላችን አይንቀሳቀስም። ቢንቀሳቀስ ኖሮ በሕልማችን ስንሮጥ ከአልጋ ወድቀን እንሰበር ነበር። አንዳንዴ አንጎል ቀድሞ ይነቃል፤ አካል ገና አልተፈታም። የደረት ጡንቻ ስለላላ ትንፋሽ ያጥራል፤ የሚጫን ነገር ያለ ይመስላል። የፍርሃት ክፍላችን ደግሞ በዚያ ሰዓት ሥራ ላይ ነው፤ ጨለማ ውስጥ ጠላት ይፈልጋል። ሕልሙም ገና አላለቀምና ጠላቱን ይሥልለታል። ከሴኮንዶች እስከ ጥቂት ደቂቃ ቆይቶ ይለቃል።

ጫት እንቅልፍን ይሰርቃል፤ የሕልሙን ክፍል ጨምሮ። ስታቆም አንጎልህ የተበደረውን ሕልም በአንድ ጊዜ ይከፍላል። ለዚህ ነው ካቆሙት ብዙዎቹ ስለ ዱካክ የሚያወሩት። ይቀንሳል። እስከዚያ በጎንህ ተኛ፣ በጀርባህ አይሁን። በየቀኑ በአንድ ሰዓት ተኛ፤ ከሰዓት በኋላ ቡና ተው፤ በጨብሲ ልተካው እንዳትል፣ አልኮል እንቅልፍህን ይባስ ያበላሸዋል። ሲይዝህ ከመታገል የእግርህን ጣት ለማንቀሳቀስ ሞክር፣ ትንፋሽህን ቀስ አድርግ። ጸሎት የሚያረጋጋህ ከሆነ ጸልይ። ቢላውን ግን ለአያትህ በአክብሮት መልስላቸው። እየተወራጨ የሚነሣ ሰው ትራስ ሥር ስለት አይቀመጥም።

ጥያቄ፣ ከደብረ ብርሃን

«ልጄ ሲስተር፣ ባለፈው ዕትም ሕልም የአንጎል ሥራ ነው ብለሽ ጻፍሽ። የዮሴፍን ሕልም ታዲያ ምን ልትይው ነው?»

መልስ

አባቴ፣ እኔም አማኝ ነኝ። እግዚአብሔር በሕልም አይናገርም የሚል ቃል ከአፌ አይወጣም። ግን ኦሪት ዘፍጥረት ምዕራፍ 40ን እንደገና ያንብቡልኝ። የጠጅ አሳላፊዎችና የእንጀራ አበዛዎች አለቆች በአንድ እስር ቤት፣ በአንድ ሌሊት ሕልም አዩ። አንዱ ሦስት የወይን ሐረግ፣ አንዱ ሦስት መሶብ። አንድ ግቢ ውስጥ፣ በአንድ ጭንቀት፣ ሁለቱም ቀን በሚሠሩት ሥራ አለሙ። ፍቺያቸው ግን ተለያየ፤ አንዱ ወደ ሹመቱ ተመለሰ፣ አንዱ ተሰቀለ። ዮሴፍ ያገናኛቸው ኃይል አለ አላለም። ፍቺ የእግዚአብሔር ነው አለ። ከጠጅ አሳላፊውም የጠየቀው ለፈርዖን እንዲያነሣለት ብቻ ነው። መምህሩን ገንዘብ ከፍለው ለሚሰሙ የሰፈርዎ ልጆች ይህን ምዕራፍ ቢያነቡላቸው ደስ ይለኛል። እርስዎን ይሰማሉ።

ጥያቄ፣ ከአዲስ አበባ

«ጥርሴ ሲረግፍ በሕልሜ አያለሁ። ዘመድ ይሞታል ይሉኛል። ባለቤቴም ያያል። ገመድ ይሆን?»

መልስ

ጥርስ ሲወልቅ ማለም በብዙ አገር ያለ ነው። እ.ኤ.አ. በ2018 የታተመ የእስራኤል ተመራማሪዎች ጥናት ይህን ሕልም የሚያዩ ሰዎች ጠዋት ጥርሳቸው፣ ድዳቸው ወይም መንጋጋቸው ተወጥሮ እንደሚነሡ አሳይቷል። ነገ ስትነቁ ሁለታችሁም ከጆሯችሁ ሥር መንጋጋችሁን ዳስሱት። ካመማችሁ ሌሊት ጥርስ ታፋጫላችሁ ማለት ሊሆን ይችላል፤ የጥርስ ሐኪም ጋ ሂዱ። አንዳችሁ ስታፋጩ ሌላው ሰምቶ ሊሆን ስለሚችል ተጠያየቁ።